የጋሽ መርዕድ ዝንጉርጉር ዳቦ

እናቴ ስልክ ስትደውል ሰላምታ አታበዛም፤ የዚያን ዕለት ጠዋት ጭራሽ ዘለለችው።

«ጋሽ መርዕድ አረፉ» አለችኝ። «በእንቅልፋቸው ነው። ቁርስ ላድርስ ብዬ ብገባ ቀዝቅዘዋል። አሁን የምልሽን ስሚ። አንቺ ቶሎ ነይ። የቢቸናን ሰው ግን አስከትለሽ እንዳትመጪብኝ።»

እሷ ያለችው ሞጣ ነው፣ እኔ ቢቸና። ነገሩን ለማያውቅ ሰው እናቴ ሬሳ የምትደብቅ ሴት ልትመስል ትችላለች። እናቴ እንኳን ሬሳ ወሬም ደብቃ አታውቅም። እንዲያ ያለችበት ምክንያት የሚገባው ግን ጋሽ መርዕድን ላወቀ ነው።

ጋሽ መርዕድ የአሰላ ልጅ ነበሩ። ቢቸና የመጡት የእንስሳት እርባታ ባለሙያ ሆነው፣ በግ ሊያሻሽሉ ነው። በጎቹ ተሻሻሉ ወይ ብትሉኝ የገበሬው አስተያየት የተለያየ ነው። ረጅም፣ አንገታቸው ቀጭን፣ ሲናገሩ ዓይናቸውን ከሰው ላይ አንስተው ጣሪያ ላይ የሚያሳርፉ ሰው ነበሩ። ሚስት የላቸውም፣ ልጅ የላቸውም። ለወላጆቻቸው አንድ ነበሩ፤ ወላጆቻቸውም ቀደም ብለው አልፈዋል። የተከራዩት ቤት ከእኛ ቤት የሚለየው በአንድ የጭቃ ግድግዳ ነው፤ ማድ ቤታችንና ማድ ቤታቸው ጀርባ ለጀርባ ነበር። ስለዚህ እኔ መጀመሪያ የተዋወቅኩት ከሰውየው ጋር ሳይሆን ከሽታቸው ጋር ነው። ቀረፋ፣ ቅርንፉድ፣ ማር ሲያርር የሚሸት ዓይነት ነገር። ባለቤቴ አንድ ሁለት ጊዜ አሸተተና «ሰውየው ሴት አስገብቷል» ብሎ ፈረደ።

አንድ ቅዳሜ ከሰዓት «ክብሪት ያውሱኝ» ብዬ ገባሁ። ክብሪት ቤቴ ሞልቷል። ጋሽ መርዕድ የሸሚዛቸውን እጅጌ ሰብስበው አንድ ጎድጓዳ ሳህን ፊት ቆመዋል። ሳህኑ ውስጥ ጥቁር ሻይ፣ ሻዩ ውስጥ ያበጠ ዘቢብ አለ። ሴት የለችም።

«ምንድን ነው ጋሼ?»

«ዳቦ ነው።»

«ይኼ?»

«ገና ነው እንጂ። ዘቢቡ ሻይ ሲጠጣ ነው ያደረው። እንግዳን ሻይ ሳያጠጡ ወደ ሥራ አይልኩትም።»

ዱቄት፣ ቤኪንግ ፓውደር፣ የተወቀጠ ቀረፋና ቅርንፉድ ቀላቀሉ። አንድ እንቁላል መቱበት፣ ማር ጨመሩ፣ ከዚያ ዘቢቡን ከነሻዩ ገለበጡበት። ቅቤ የለም፣ ዘይት የለም፣ እርሾም የለም። ሊጡ እንደ እኛ ዳቦ አይታሽም፤ በእንጨት ማንኪያ ይማሰላል። «ላሽልዎ» ብዬ እጄን ብዘረጋ በማንኪያው መታ አደረጉኝ። ምድጃቸው የከሰል ነው። ትልቅ ድስት ውስጥ ደረቅ አሸዋ አንጥፈው፣ ቆርቆሮ ቀጥቃጭ ዘንድ ያሠሩትን ረዘም ያለ መጋገሪያ አሸዋው ላይ አስቀመጡ፤ ድስቱን ከደኑና ከታችም ከላይም ፍም አደረጉበት። ከዚያ በርጩማ ስበው ተቀመጡ።

«ገለጥ አድርገን እንይው» አልኩ ትንሽ ቆይቼ።

«ክዳን የሚገልጥ ሰው ትዳር አይበረክትለትም» አሉ።

«እርስዎስ? ክዳን ሳይገልጡ ትዳሩ የታለ?»

ጣሪያውን እያዩ ሳቁ። ሲስቁ ድምፅ የላቸውም፤ ትከሻቸው ብቻ ነው የሚነቃነቀው።

ዳቦው ሲወጣ ጠቆር ያለ፣ በየቦታው ዘቢብ ያፈጠጠበት ነበር። ላዩን በማር ቀቡት። ቢላዋ ስጠብቅ በጨርቅ ጠቅልለው መደርደሪያ ላይ ሰቀሉት፤ ለካ በማግስቱ ነው የሚቆረጠው። በማግስቱም መጀመሪያ የቆረጡት ለራሳቸው አልነበረም። ከእኛ ጀምረው እስከ ቧንቧው ድረስ ባለው ቤት ሁሉ ቁራሽ ቁራሽ ይዘው ዞሩ። የቀረው ጠርዙ ነው፤ እሱን በሉ። ስሙ ባራ ብሪት እንደሚባል፣ በባለቤቶቹ ቋንቋ ዝንጉርጉር ዳቦ ማለት እንደሆነ የነገሩኝ ያን ጊዜ ነው። ከዚያ በኋላ ሰፈሩ «ዝንጉርጉር» ብሎ አስቀረው።

«የት ተማሩት?» ብዬ ጠየቅኳቸው።

በወጣትነታቸው መሥሪያ ቤታቸው ለአጭር ሥልጠና ዌልስ ልኳቸው ነበር። «በግ ከሰው ይበዛል፤ ዝናብ ደግሞ ከበጉ ይበዛል» አሉኝ ስለ አገሩ። ማደሪያቸው በግ የምታረባ አንዲት ባልቴት ቤት ነበር። አንድ ቀን ከኮረብታው ማዶ ብቻውን የሚኖር ሽማግሌ ሞተ። አስከሬን የሚሸከም ሰው ስለ ጎደለ ባልቴቷ በራቸውን አንኳኩታ «አንተም ጫማህን አድርግ» አለቻቸው። ስሙን እንኳ የማያውቁትን ሰው፣ የሳጥኑን አንድ ማዕዘን ይዘው በዝናብና በጭቃ ዳገት አወጡት። ከሸካሚዎቹና ከቄሱ ሌላ የተከተለ አልነበረም። ሲመለሱ «ክፉ ሰው ነበር እንዴ?» ብለው ጠየቋት።

«ኧረ ደግ ሰው ነበር» አለቻቸው። «ግን ከቤቱ ማንም ቁራሽ ቀምሶ አያውቅም።»

«በማግስቱ ይህን ዳቦ አስተምሪኝ አልኳት» አሉ ጋሽ መርዕድ። «ሰው የሚቀበረው ባበላው ነው። እኔ ዘመድ የለኝም። የሚሸከመኝን ከአሁኑ ማበጀት አለብኝ።»

ይህን ያሉት ክረምት ሳይገባ ጣሪያ እንደሚያስጠግን ሰው፣ ያለ ምንም ለቅሶና ዜማ ነው። እኔ ሳቅኩ። ትከሻቸውን ባየው አይነቃነቅም። በኋላም ደጋግሜ እንዳየሁት እኒህ ሰው በሽታ አይፈሩም፣ አለቃ አይፈሩም፣ ሞትንም ያን ያህል አይፈሩም። የሚፈሩት ያቺን ዳገት ነው።

እኔና ባለቤቴ የሚካኤል ማኅበርተኞች ነን። በየወሩ በሚካኤል ቀን በተራ ከአንዳችን ቤት እንሰበሰባለን፤ ቄሱ ዳቦውንና ጠላውን ይባርካሉ፣ ተበልቶ ተጠጥቶ ጽዋው ለቀጣዩ ባለተራ ይተላለፋል። ከማኅበርተኛ አንዱ ሲሞትም የሚያስቀብረው ማኅበሩ ነው። ጋሽ መርዕድ ይህን እንደሰሙ ልግባ አሉ። የማኅበሩ መሪ፣ በእኛ አጠራር ሙሴው፣ አያ ፈንቴ ነበሩ፤ ጥርሳቸውን የጨረሱ፣ ነገር ግን ቃላቸውን ያልጨረሱ ሽማግሌ።

«አቶ መርዕድ» አሏቸው፣ «ጽዋው ሲደርስዎ ማን ያሰናዳልዎታል? ሚስት የለ፣ እህት የለ።»

«እጅ አለኝ።»

አያ ፈንቴ እጃቸውን አዩት። «እጅስ አለዎ» አሉ፣ ብዙም ሳያምኑበት።

ማኅበሩ ተመካክሮ አንድ ጊዜ ይደግሱና ይታያል አለ። ድግሱ ከሰመረ ማኅበርተኛ ናቸው፤ ካልሰመረ እንደ ማንኛውም የመንግሥት ሠራተኛ መጥተው የሚሄዱ እንግዳ ናቸው። ቀኑ ለግንቦት ሚካኤል ተቆረጠ። ጠላውን እኔ ልጥመቅ አልኩ። ዳቦውን ግን አላስነካም አሉ።

እዚህ ላይ ስለ ዘቢብ መናገር ግድ ነው። በእኛ አገር ዘቢብ አንድ ሥራ ብቻ ነው ያለው። የቅዳሴው ወይን የሚዘጋጀው ከእሱ ነው፤ ስለት ያለበት ሰው ከጧፉና ከዕጣኑ ጋር ዘቢብ ገዝቶ ለቤተ ክርስቲያን ያስገባል። ለምግብ ዘቢብ የሚገዛ ሰው ቢቸና አይቶ አያውቅም። የምትሸጠው ደግሞ ወይዘሮ ጥሩዬ ናት፣ እሷም ማኅበርተኛችን፤ እንደ አብዛኛው ማኅበርተኛ ከሌላ ሰፈር ስለሆነች ዝንጉርጉሩን ቀምሳ አታውቅም። ጋሽ መርዕድ ከሱቋ ዘቢብ መግዛት ከጀመሩ ከርመዋል። እሷ የትኛው ታቦት እንደሆነ አልጠየቀችም፤ ሰውየው ጣሪያ ጣሪያውን ሲያዩ በልባቸው የሚጸልዩ መስሏታል። ለመሥዋዕት የሚሆን ስለሆነ እንጨቱን እየነቀለች፣ የተሰበረውን እየጣለች፣ ፍሬ በፍሬ ለቅማ ትሰጣቸው ነበር። «ቀኝ እጁ የሰጠውን ግራው አያውቅም» እያለች ለከተማው ስታወራላቸው እኔም ሰምቻለሁ። የምታወራው ስለ ዳቦው ዘቢብ መሆኑን ግን በየት አውቄ! እኔ ከባሕር ዳር የሚያስመጡት ነበር የሚመስለኝ።

የግንቦት ሚካኤል ዕለት ቤታቸው ጢም ብሎ ሞላ። ዝንጉርጉሩ ዳቦ በሰፌድ ላይ ተደርድሮ፣ ነጭ ጨርቅ ለብሶ ቀረበ። የማኅበራችን ቄስ መምሬ ላቀው ጸሎቱን አድርሰው፣ ባርከው፣ ቢላዋ አሳረፉበት። ከቁራሹ ላይ አንድ ወፍራም ዘቢብ ወድቆ ሰፌዱ ላይ ተንከባለለ።

ወይዘሮ ጥሩዬ ከተቀመጠችበት ብድግ አለች። «ዘቢብ ነው እንዴ?»

ይታያል እኮ።

«እኔ ለመሥዋዕት ነው ብዬ አንድ አንዱን እየለቀምኩ! ስማቸውን እየጠራሁ ስመርቅ! ለካ ለከርሳቸው ኖሯል!»

«ለዳቦ ነው» አሉ ጋሽ መርዕድ ቀስ ብለው።

ከተቀመጡት አንዱ የተሰጠውን ቁራሽ ወደ ሰፌዱ መለሰ። ሌላውም መለሰ። ማኅበር ላይ የቀረበ ዳቦ ከሚመለስ ስድብ ይሻላል። መምሬ ላቀው አንዱን ቁራሽ አገላብጠው አዩት።

«አቶ መርዕድ፣ ሲገዙት ለታቦት ብለው ተስለውበታል?»

«የለም፣ አልተሳልኩም።»

«ለወይዘሮ ጥሩዬስ ለቤተ ክርስቲያን ነው ብለዋት ነበር?»

«አልጠየቁኝም።»

«ይኼ ደግሞ ይጠየቃል እንዴ!» አለች ጥሩዬ። «ዘቢብ ገዝቶ ወዴት ይኬዳል?»

ጋሽ መርዕድ ጣሪያውን አላዩም። ዓይናቸው ወለሉ ላይ ነበር። ከነበርነው ሁሉ ምን እንደሚያዩ የማውቅ እኔ ብቻ ነበርኩ፤ ሳጥኑን ነው የሚያዩት፣ የሚሸከመው የጎደለውን።

መምሬ ላቀው ጢማቸውን ዳሰሱ። ጥሩዬን ማስቀየም አይፈልጉም፤ ሰፌድ ሙሉ ዳቦ ሲደፋ ማየትም አይፈልጉም። «ያልተሳሉበት ዘቢብ ፍሬ ነው፤ ፍሬ ደግሞ ይበላል» አሉ በመጨረሻ። «ነገር ግን ከእንግዲህ ለዳቦ በገዙ ቁጥር ያንኑ ያህል ለሚካኤል ያስገባሉ። መጀመሪያ የሚካኤል፣ ከዚያ የሆድ።»

«እሺ አባቴ» አሉ ጋሽ መርዕድ።

ፈቃዱ ተገኘ፤ አሁንም ግን እጁን የሚዘረጋ ጠፋ። ሁሉም ጎረቤቱን ያያል። ያን ጊዜ አያ ፈንቴ ከመደቡ ላይ ጎንበስ ብለው አንድ ቁራሽ አነሱ። አያ ፈንቴ ማኅበር ላይ ዳቦ የሚበሉት ጠላ ውስጥ ነክረው፣ አርሰው ነው። ይህንን ሳይነክሩ ጎረሱት። ቤቱ ሙሉ ሰው ድዳቸው ሲሠራ ተመለከተ። ዋጡ። ሁለተኛ አነሱ።

«ይህ ዳቦ» አሉ፣ «ጥርስ የጨረሰ ሰው ያከብራል።»

ከዚያ በኋላ ሰፌዱ አልበረከተም። መጨረሻ ላይ የበላችው ጥሩዬ ናት። እያንዳንዷን ፍሬ ከዳቦው እየፈለቀቀች «ይቺንም እኔ ነኝ የለቀምኳት፣ ይቺንም እኔ ነኝ» ትል ነበር። ስትወጣ ለልጆቿ የሚሆን ጠቅልላ ሄደች። ጽዋው ወደ ባለተራው ሲሸኝ ጋሽ መርዕድ ከማኅበርተኛው ጋር እያጨበጨቡ እስከ በር ወጡ።

ሰው ከተበተነ በኋላ ብርጭቆ ሳጥብ መጥተው አጠገቤ ቆሙ።

«ስንት ይሆናሉ?» አሉኝ።

«ምኖቹ?»

«መሸከም የሚችሉት።»

«ሞልቷል ጋሼ» አልኳቸው። «አያ ፈንቴን ባንቆጥርም ሞልቷል።»

ከዚያ ወዲህ ቢቸና ውስጥ ያልቀበሩት ሰው አልነበረም። የማን ልቅሶ እንደሆነ ሳይጠይቁ ቃሬዛ ሥር ይገባሉ። በጾም ዳቦውን ያለ እንቁላል ይጋግሩታል፤ መሀሉ ትንሽ ይሰረጉዳል፣ እሳቸውም «ጾመኛ ስለሆነ ነው የከሳ» ይላሉ። ጥሩዬ ዘቢቡን በሁለት ከረጢት ትሰፍርላቸዋለች፤ የሚካኤልን በቀኝ እጇ፣ የሆድን በግራ።

ዓመታት አለፉና መሥሪያ ቤታቸው ወደ ሞጣ አዛወራቸው። ሰው ዝውውር ሲደርሰው ስለ ዕድገት ያወራል። ጋሽ መርዕድ በርጩማቸው ላይ ተቀምጠው «እንግዲህ ማብላት እንደገና ሊጀመር ነው» አሉ፤ ድካም ነበረው ድምፃቸው። ሞጣ አገሬ ነው። እናቴ ጋ ደወልኩና የጓሮውን ክፍል አከራየኋቸው። እናቴ ወንድ ማድ ቤቴ አይገባም ብላ ነበር። ሳምንት ሳይሞላ ደወለችልኝ፤ «ይኼ ሰውዬ በገዛ ድስቴ ክዳን አላስገልጥ አለኝ እኮ!»

የሞጣ ማር ዳቦውን አሳመረው። ሰፈሩ ለመደው፤ አራስ ሲጠየቅ ዝንጉርጉር፣ ሐዘን ሲደርስ ዝንጉርጉር ሆነ። ጡረታ ሲወጡም እዚያው ቀሩ። የቢቸናን ተራቸውን ግን አልለቀቁም፤ በየዓመቱ ለግንቦት ሚካኤል ዳቦውን በነጠላ ጠቅልለው፣ ታቅፈው፣ በአውቶቡስ ይመጡ ነበር። አያ ፈንቴ አንድ ጊዜ «የት ነው የምንቀብርህ፣ ልጄ?» ብለው ጠየቋቸው። «ቢቸና ነዋ» አሉ። እናቴም በበኩሏ ጠይቃቸው ነበር፤ «ሞጣ ነዋ» አሏት። ሁለቱንም የሰማሁ እኔ ነኝ። ሊያታልሉ አይመስለኝም። ልቅበርዎ ላለ ሰው እምቢ ማለት አይችሉም ነበር፣ ያ ብቻ ነው።

እንግዲህ እናቴ የቢቸና ሰው አታምጪብኝ ያለችው ለዚህ ነው። እኔም ለማንም አልተነፈስኩም፤ ወሬው ግን ከሞጣ በሌላ ስልክ ቀድሞ ደርሶ ኖሯል። ነጠላዬን አጣፍቼ ከግቢ ስወጣ አያ ፈንቴ ከዘራቸውን ይዘው በሩ ላይ ቆመዋል፣ ከኋላቸው የማኅበሩ ሰው የሞላበት ፒክአፕ።

«መኪና ተገኝቷል» አሉኝ። «ግቢ።»

ያን ሰሞን በጸጥታው ምክንያት መንገዱ ክፍት ይሁን ዝግ የሚያውቅ አልነበረም፤ ሰው ለሠርግ እንኳ መሄድ ትቷል። እነሱ ግን ተነሡ። በደብረ ወርቅ አድርገን ሄድን። ሞጣ ስንደርስ እናቴ ከበሩ ላይ መኪናውን አየች፣ ከዚያ እኔን አየች።

«ልጃችንን ልንወስድ ነው» አሉ አያ ፈንቴ ከመኪናው ሳይወርዱ።

«የማንን ልጅ?» አለች እናቴ። «ቤቴ ኖሩ፣ ቤቴ ሞቱ። መቃብሩም ተቆፍሯል።»

«ቢቸና ቅበሩኝ ብሎናል።»

«ሞጣ ቅበሩኝ ብለውኛል።»

«መጀመሪያ ያበላው እኛን ነው!»

«መጨረሻ ያበሉት እኛን ነው!»

ወደ እኔ ዞሩ። ሁለቱንም ብለዋል አልኩ። ይህ ማንንም አላስደሰተም። ክርክሩ እስኪሞቅ ፀሐዩ ሞቀ፤ የሞጣው ቄስ ሬሳ አይጠብቅም ብለው ተቆጡ። በመጨረሻ ቢቸናዎች መቃብሩን ለቀቁ፤ ነገር ግን የምንሸከመው እኛ ነን አሉ። የሞጣ ወንዶች እሱንም እምቢ አሉ። ቃሬዛው ሲነሣ ትከሻ ከትከሻ ተጋፋ፤ አንዱ ሲገባ ሌላው እየወጣ፣ አንዱ ሌላውን «ልቀቅልኝ እስቲ» እያለ፣ ለአጭሩ መንገድ ረጅም ጊዜ ፈጀብን። አለቀስኩ። በስንት ጊዜዬ እንደዚያ አለቀስኩ።

ከቀብሩ በኋላ ወጉ ይታወቃል። ሐዘንተኞቹ ተሰልፈው ይቆማሉ፣ ሌላው «እግዚአብሔር ያጽናችሁ» እያለ በፊታቸው ያልፋል። ቄሱ «የሟች ቤተሰብ ወደዚህ ቁሙ» አሉ። እናቴ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ቆመች፤ ሰፈሩ በሙሉ ከጎኗ ተሰለፈ። አያ ፈንቴም ትይዩዋ ሄደው በከዘራቸው ተደግፈው ቆሙ፤ ጥሩዬ፣ መምሬ ላቀው፣ የመጡት ሁሉ ከጎናቸው ተሰለፉ። ሁለቱ ሰልፎች ተያዩ። ያጽናችሁ ብሎ ቀድሞ ያለፈ እንግዳ መሆኑን አመነ ማለት ነው፤ ስለዚህ ማንም ንቅንቅ አላለም። እኔን ከመሀል እናቴ በዓይኗ ትጠራኛለች፣ አያ ፈንቴ በአገጫቸው።

ቄሱ መስቀላቸውን እንደያዙ አንዴ ወዲህ አንዴ ወዲያ ተመለከቱ።

«ታዲያ የሚያጽናናው ማን ነው?» አሉ።